ቅጠል ሰርሳሪውና የወይዘሮ ቡርጤ ቡና

ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ ቤቴ ቅጠል ሳይገባ የሚያልፍ ሳምንት የለም። ጎረቤቶቼ ከጓሯቸው የጎመን፣ የሎሚ፣ የቲማቲም ቅጠል እየቀጠፉ ያመጡልኛል። ጸሎት ቤት ሳይቀር አንዲት እህት ከመጽሐፍ ቅዱሷ መሃል የጠወለገ የሎሚ ቅጠል አውጥታ፣ «ማርታዬ፣ ይሄ ምን ነክቶት ነው?» ብላኛለች፤ ስብከቱ ገና አላለቀም ነበር።

ባለፈው ሰሞን ደግሞ በእኔ ቦታ የተተካችው ወጣት የሰብል ጥበቃ ባለሙያ በስልክ ፎቶ ላከችልኝ። የቲማቲም ቅጠል ነው። ውስጡ ተበልቶ ቆዳው ብቻ ቀርቶ ሳሳ ብሏል። ከሥሩ «እትዬ፣ ምን ይረጭበት?» ብላ ጽፋለች። ደወልኩላትና፣ «ከመርጨትሽ በፊት ማሳው ውስጥ ከትሉ ሌላ ማን እንዳለ እዪ» አልኳት።

«ይህን ደግሞ ማን አስተማረዎት?» አለችኝ።

በስልክ ተነግሮ የሚያልቅ አልነበረም። እንግዲህ ልጻፈው።

ሐዋሳን ያን ጊዜ አዋሳ ነበር የምንላት። ደርግ ሥልጣን ከያዘ፣ ገበሬውም በማኅበር ከተደራጀ ጥቂት ዓመታት አልፈዋል። እኔ የይርጋለም ገጠር ልጅ ነኝ። በእርሻ ዲፕሎማ እንደያዝኩ ለክፍለ ሀገሩ የሰብል ጥበቃ ላቦራቶሪ ተመደብኩ። መናኸሪያ ስወርድ የያዝኩት አንድ ሻንጣና እናቴ የቋጠረችልኝ ቆጮ ብቻ ነበር። ደመወዜ ለእኔና ለእናቴ በቃን፤ ስለ ደመወዝ ከዚህ በላይ የምለው የለኝም።

ላቦራቶሪ የሚባለው መስኮቱ ወደ ሐይቁ የሚያይ አንድ ክፍል ነው። አንድ ማይክሮስኮፕ፣ መብራት ሲኖር የሚሠራ ማቀዝቀዣ፣ በመስኮቱ ሥር ደግሞ በረድፍ የተደረደሩ የፋኖስ ብርጭቆዎች ነበሩ። ብርጭቆዎቹ ከላይም ከታችም በጨርቅ ታስረዋል፤ ውስጣቸው ቅጠል አለ። እነዚያን ብርጭቆዎች ሲወለውሉ ያገኘኋቸው ሰው አቶ በየነ ነበሩ። ቀጭን፣ ረጅም፣ ካኪ ካፖርት የለበሱ፣ የካፖርታቸው ኮሌታ ላይ ሁልጊዜ መርፌ የተሰካ። መሥሪያ ቤቱ ውስጥ ሁሉም ሰው «ጓድ» ነበር። እኔ ግን በመጀመሪያው ቀን «ጋሼ» ካልኳቸው በኋላ ሌላ ስም አልመጣልኝም።

ስሜን እንኳ በደንብ ሳይጠይቁኝ ቡናማ እድፍ ያለበት የቡና ቅጠል ሰጡኝ።

«ምን ይመስልሻል?»

«በሽታ ነው፤ ሻጋታ» አልኩ፤ ትምህርት ቤት የተማርኩት ትዝ ብሎኝ።

«እጠፊው።»

ቅጠሉን በእድፉ ላይ ሳጥፈው የላይኛው ቆዳ እንደ ደረቅ ወረቀት ተሰነጠቀ። ጋሼ በየነ መርፌያቸውን ከኮሌታቸው መዘው ስንጥቁን ቀስ ብለው ገለጡት። ውስጡ ከሩዝ ፍሬ ያነሱ ነጫጭ ትሎች ተኝተዋል። ደንግጬ ቅጠሉን ልጥለው ነበር። ከዚያ በፊት አንድ ፍጡር በቅጠል ፊትና ጀርባ መካከል ቤት ሠርቶ ይኖራል ብሎ የነገረኝ ሰው አልነበረም።

እናቲቱ ነጭ የእሳት እራት ናት፤ በጣም ከማነሷ የተነሳ ስትበር አቧራ ትመስላለች። ቅጠሉ ላይ እንቁላሏን ትጥላለች፤ ትሉ ሲፈለፈል ወዲያው ወደ ውስጥ ይገባል። ለምለሙን ሥጋ እየበላ ቆዳውን ብቻ ያስቀረዋል። ሲጠግብ ወጥቶ በድር ይወርድና ከቅጠል ጀርባ ነጭ ድሩን እንደ ድንኳን ወጥሮ ከሥሩ ይተኛል። ከዚያ ክንፍ አውጥቶ ይሄዳል። ቅጠሉ ደግሞ ይረግፋል። ቅጠል የሌለው ቡና ምን ያፈራል? ቅጠል ሰርሳሪ የምንለውን ይህን ትል የምንፈራው ለዚህ ነበር።

የጋሼ በየነን አሠራር ለመልመድ ጊዜ ፈጀብኝ። ማሳ ከመግባታቸው በፊት እጃቸውን በሳሙና ይታጠባሉ። «ሰው ቤት እኮ ነው የምንገባው» ይላሉ። ባለቤቱ ሳይፈቅድላቸው አንድ ቅጠል አይቀጥፉም። ገበሬው ወደ ታመመው ዛፍ ሲጎትታቸው፣ «እሱን እናየዋለን፤ መጀመሪያ ደህናውን ያሳዩኝ» ይላሉ። «ጤነኛውን ሳታዪ ታማሚውን አታውቂውም፣ ማርታ።» ትል ፈልጌ አጥቼ «የለም» ስላቸው «አላየሁም በዪ» ብለው ያርሙኝ ነበር። በአውቶቡስ ስንመለስ ዝም ይላሉ፤ ያዩትን በልባቸው እየደጋገሙ እንደሆነ የገባኝ ቆይቶ ነው።

ከቱላ አለፍ ብሎ አንድ የአምራቾች ማኅበር የቡና እርሻ ነበር። ቡናው ድሮ የየገበሬው ጓሮ ነው፤ ማኅበሩ ሲቋቋም ተጠቃለለ። በታችኛው ወገን ያለውን ወይዘሮ ቡርጤ የሚባሉ ሴት ከሟች ባላቸው ጋር ከችግኝ ነበር ያሳደጉት። የማኅበር ከሆነም በኋላ ጠዋት ጠዋት ሄደው ሳያዩት አይውሉም። ለራሳቸው የቀራቸው ከቤታቸው ጀርባ ከእንሰቱ ሥር ያሉ ጥቂት ዛፎች ናቸው።

በአንድ በጋ መግቢያ ላይ ከማኅበሩ ጥሪ መጣና ሄድን። ቅጠል ሰርሳሪው ገብቶ ነበር። ብዙ አይደለም፤ ግን በየዛፉ ይታያል። የማኅበሩ ሰዎች ተጨንቀዋል፤ ያን ጊዜ ኮታ የሚባል ነገር ነበር፣ ምርት ከቀነሰ መልስ መስጠት አለ። ጋሼ በየነ ማሳውን ዞረው አዩ። በመጨረሻ «ይረጭ» አሉ።

ወይዘሮ ቡርጤ አማርኛ አይሰሙም። በሲዳምኛ ጠየቁኝ፦ «ይህ ሰውዬ ቡናዬን ያድንልኛል ወይ? ጠይቂው።»

«ይድናል በያቸው» አሉ ጋሼ በየነ።

«ይድናል» አልኳቸው።

ወደ ጓሯቸው ግን መርጫ ያዘሉትን ሰዎች አላስገቡም። የንብ ቀፎ ነበራቸው። በሩ ላይ ቆመው፣ «ንቦቼን ትገድሉብኛላችሁ» አሉ። ጋሼ በየነ፣ «እውነታቸውን ነው፤ ተዉአቸው» አሉና ሰዎቹ ተመለሱ።

ከርጭቱ በኋላ እርሻው አማረበት። የማኅበሩ ሊቀ መንበር ቢሯችን ድረስ መጥቶ አመሰገነ። ደስታው ግን አልዘለቀም። በበጋው አጋማሽ ተመልሰን ስንሄድ ከመንገዱ ነው የታየን። በታችኛው ወገን ቡናው ቆሞ ቅጠል የለውም። ያልረገፈው ቅጠል ሁሉ ቡናማ ሆኖ ተንጠልጥሏል፤ ስንራመድ ከእግራችን ሥር ይንኮሻኮሻል፤ ዛፍ በነካን ቁጥር ነጭ የእሳት እራት እንደ ዱቄት ይነሳል። ከመርጨታችን በፊት እንዲህ ያለ ነገር አላየንም።

ወይዘሮ ቡርጤ እዚያው ነበሩ። አልጮኹም። ከመሬት አንድ ቅጠል አንስተው መዳፌ ላይ አስቀመጡና፣ «ይድናል ብለሽኝ ነበር» አሉኝ።

ቃሉ ከእኔ አፍ ነዋ የወጣው።  ጋሼ በየነ፣ «ምን አሉ?» ሲሉኝ ነገርኳቸው። ኮፍያቸውን አወለቁ። አዋሳ እስክንገባ ድረስ በአውቶቡሱ መስኮት ሲያዩ ቆዩ፤ መናኸሪያ ስንወርድ፣ «ማርታ፣ ነገ ሁለት ዓይነት ቅጠል እናመጣለን። ከረጨንበትም፣ ካልረጨንበትም» አሉኝ።

ያልተረጨው የወይዘሮ ቡርጤ ጓሮ ብቻ ነበር። እዚያም ቅጠል ሰርሳሪው ነበረ፤ ዛፎቹ ግን ለምለም ናቸው። ይህ ነው ጋሼ በየነን የከነከናቸው። ከሁለቱም ቦታ የተቀጠፈውን ቅጠል በየፋኖስ ብርጭቆው አስገብተን፣ በጨርቅ አስረን፣ ከመስኮቱ ሥር ደረደርነው። ከእርሻው ከመጣው ብርጭቆ ውስጥ የእሳት እራት ወጣ፤ በየብርጭቆው ነጭ በነጭ ሆነ። ከጓሮው ከመጣው ግን ጥቂት የእሳት እራትና ብዙ ጥቁር ነገር ወጣ። አቧራ መስሎኝ ብርጭቆውን ነካ ነካ ሳደርገው በረረ።

በማይክሮስኮፕ ሳየው ተርብ ነው። ወገቡ የቀጠነ፣ ክንፉ የሚያብለጨልጭ፣ በዓይን ሲያዩት ግን ከነጠብጣብ የማይበልጥ ተርብ።

«እነዚህ ናቸው ጠባቂዎቹ» አሉ ጋሼ በየነ፤ ድምፃቸው ተለውጦ ነበር። «እንቁላላቸውን ትሉ ላይ ይጥላሉ፤ ልጆቻቸው ትሉን በልተው ያድጋሉ። ትሉ ከቅጠል ቆዳ ሥር ነው፤ መድኃኒታችን በደንብ አላገኘውም። ተርቡ ግን ውጭ ነው የሚውለው። እኛ ጠባቂውን ገደልንና ሌባውን ቤቱ ውስጥ ተውነው።»

ይህን በተረዳን ሰሞን ከበላይ ትእዛዝ መጣ፤ እርሻው በድጋሚ፣ በበረታ መድኃኒት እንዲረጭ። የቅርንጫፋችን ኃላፊ ጓድ ታደለ ይባላሉ። ስብሰባ የሚወዱ፣ ሲናገሩ ጣታቸውን የሚያወዛውዙ፣ እኔ በበኩሌ የምፈራቸው ሰው ነበሩ። ጋሼ በየነን አስጠርተው፣ «ባለሙያው እርስዎ ነዎት፤ ይፈርሙ» አሏቸው።

«አልፈርምም» አሉ ጋሼ በየነ።

ነገሩ ወደ ስብሰባ ሄደ። ከበላይ የተላኩ አንድ ካድሬ ተነስተው፣ ምርት ሲጠፋ እጁን አጣጥፎ የሚያይ ባለሙያ የኢኮኖሚ አሻጥር እየሠራ ነው አሉ። ያን ጊዜ «አሻጥር» የሚለው ቃል በሰው ላይ ከወጣ ሰውየው ቤቱ ላያድር ይችላል። 

ጋሼ በየነ ተነሱ። «የመጀመሪያውን ርጭት ያዘዝኩት እኔ ነኝ። ቡናውን ያራገፍኩት እኔ ነኝ። ለዚያ ጠይቁኝ፣ እመልሳለሁ። አሁን የምታዙኝ ግን ያንኑ ጥፋት እንድደግመው ነው፤ እሱን አላደርገውም» ብለው ተቀመጡ።

 ተቀምጠውም ኮሌታቸው ላይ ያለውን መርፌ ያስተካክላሉ።

አላሰሯቸውም፤ እግዚአብሔር ይመስገን። ከሥራ ግን ታገዱ፤ ግቢው እንዳይገቡም ተከለከሉ። እኔ ከብርጭቆዎቹ ጋር ብቻዬን ቀረሁ።

ጋሼ በየነ ቤታቸው መቀመጥ አልሆነላቸውም። ከሰዓት በኋላ ሐይቁ ዳር፣ ዓሣ አጥማጆች ጀልባቸውን የሚያስጠጉበት ቦታ ላይ ይቀመጣሉ። አባ ኮዳ የሚባሉት ትልልቅ ወፎች የዓሣ ትርፍራፊ እየጠበቁ ዙሪያቸውን ይቆማሉ። ከሥራ ስወጣ እሄድና የቀኑን እነግራቸው ነበር። ከየትኛው ብርጭቆ ምን ወጣ፣ ምን ሞተ፣ ጨርቁ ተቀየረ ወይ። እንደ ትምህርት ቤት ልጅ ያፋጥጡኛል። አንድ ቀን፣ «ተርቡን ወደ እርሻው ብንመልሰውስ?» አሉኝ።

«እንዴት አድርገን?»

«ከጓሮው የታመመውን ቅጠል ሰብስቢ። ሣጥን ውስጥ አድርጊው። መስኮት አውጪለት፤ ተርቡ የሚያልፍበት፣ የእሳት እራቱ የማያልፍበት። መስኮቱ ላይ ምን እንደሚወጠር ግን አላውቅም። አንቺ ፈልጊ።»

ፈለግኩ። ነጠላ ሞከርኩ፤ ተርቡም አላለፈ። አጎበር ሞከርኩ፤ ሁለቱም አለፉ። ገበያ ወርጄ ከአንድ የስልጤ ነጋዴ ሱቅ ወንፊት በየዓይነቱ ገዛሁ። ባለሱቁ፣ «እህቴ፣ ዳቦ ቤት ልትከፍቺ ነው?» አለኝ። «ለተርብ ነው» ስለው ሳቀ፤ ግን ጨርሶ አልናቀኝም፤ ከውስጥ ገብቶ ከሁሉም የጠበበውን አወጣልኝ። እሱ ነበር ልኩ። ተርቡ ሾልኮ ይወጣል፤ የእሳት እራቱ ከውስጥ ይቀራል።

በዚህ መሃል ጓድ ታደለ አስጠሩኝ። ሐይቁ ዳር መሄዴ ተሰምቶ ነው ብዬ እየፈራሁ ገባሁ። በሩን ዘጉና መሳቢያቸውን ከፈቱ። ግቢው ውስጥ የቀረውን የጋሼ በየነን ማጉያ መነጽር አውጥተው ሰጡኝ።

«ወደ ሐይቁ ስትሄጂ ይህን አድርሽላቸው። ያለሱ አይሆንላቸውም።»

እጄን ስዘረጋ መሳቢያው ውስጥ ያለውን አየሁ። የመርጫዎቹ አፍንጫ፣ መድኃኒቱ የሚወጣበት ናሱ፣ ሁሉም ተፈቶ እዚያ ተከማችቷል። ከበላይ «ለምን አልተረጨም?» እየተባለ ሲጠየቅ፣ «መርጫው ተበላሽቷል፤ መለዋወጫ እየጠበቅን ነው» ሲሉ የሰማኋቸው እኚሁ ሰው ናቸው። ቀና ብዬ አየኋቸው።

«ምንም አላየሽም» አሉኝ።

«ምንም አላየሁም» አልኩ።

«ዝናቡ እስኪገባ ነው ማቆየት የምችለው። ፍጠኚ።»

እኚያን ሰው ስንት ዘመን በከንቱ ፈራኋቸው!

የቀረኝ ወይዘሮ ቡርጤ ነበሩ። ሄጄ ከጓሯቸው የታመመ ቅጠል እንዲሰጡኝ ለመንኳቸው።

«የአንቺን ቃል አንድ ጊዜ ሰምቻለሁ» አሉኝ።

«አሁን ቃል አልሰጥም፣ እናቴ። ይሆናል፣ ላይሆንም ይችላል። ቅጠል ብቻ ነው የምለምነው።»

ቅርጫታቸውን አንስተው ራሳቸው መልቀም ጀመሩ። የማኅበሩ ሴቶችም ተከተሏቸው። ሣጥኖቹን በታችኛው ወገን ቡናዎች ላይ ሰቀልን፤ ወንፊቱን ወደ ጥላው አዞርን። ወይዘሮ ቡርጤ አንዱ ሣጥን ሥር ቁጭ ብለው ተርቦቹ ሲወጡ ለማየት ይሞክሩ ነበር። ዓይናቸው ደክሟል። «አሁን ወጣ?» ይሉኛል። «ወጣ» ስላቸው ጭንቅላታቸውን ይነቀንቃሉ።

ዝናቡ ገባ። ቡናው አዲስ ቅጠል አወጣ። ሣጥን ካልደረሰበት ወገን ቅጠል ሰርሳሪው እንደገና ሲታይ፣ ሣጥን በተሰቀለበት ወገን እየሳሳ ሄደ። ቅጠሉን ሳጥፈው ከትሉ አጠገብ የተርቡን ጥቁር ሙሽሬ፣ ክንፍ ከማውጣቱ በፊት የሚተኛበትን ቅርፊት፣ ማግኘት ጀመርኩ። ሣጥኖቹን እያዟዟርን ከረምን። ተአምር ነው አልልም፤ የዚያ ዓመት ምርት ከታችኛው ወገን አልተለቀመም፤ ክፉኛ የተጎዱትን፣ ወይዘሮ ቡርጤ ከችግኝ ያሳደጓቸውን ዛፎችም እንደገና እንዲያቆጠቁጡ ከሥር መጎንደል ግድ ሆነ። መጋዝ ሲገባባቸው ወይዘሮ ቡርጤ ቤታቸው ገብተው በሩን ዘጉ። ይህ በሥራ ዘመኔ ካየሁት ሁሉ የከበደኝ ቀን ነው።

እርሻው ግን ተረፈ። ጓድ ታደለ የማኅበሩን ሊቀ መንበርና ሴቶቹን ይዘው ስብሰባ ጠሩ፤ ካድሬውም ማሳውን በዓይናቸው እንዲያዩ አደረጉ። ካድሬው ሣጥኖቹን ዞረው አዩ፣ ወንፊቱን በጣታቸው ነካኩ። ብዙ ሳይቆይ እገዳው ተነሳ። ጋሼ በየነ ወደ ግቢው በገቡበት ጠዋት ማንንም ሰላም ሳይሉ ቧንቧው ጋ ሄደው እጃቸውን በሳሙና ታጠቡ፤ ዘበኛው ሳይቀር ሳቀ።

የተጎነደለ ቡና እስኪያፈራ ዓመታት ይወስዳል። በእነዚያ ዓመታት ጋሼ በየነ ሥራ ኖረም አልኖረም ወደዚያ እርሻ ይሄዱ ነበር፤ አንዳንዴ ከኪሳቸው ለአውቶቡስ እየከፈሉ። አዲስ ከወጣው ቀንበጥ የትኛው እንደሚቀር፣ የትኛው እንደሚቆረጥ ከወይዘሮ ቡርጤ ጋር ቆመው ይመርጣሉ፤ አንዱ በሲዳምኛ፣ አንዱ በአማርኛ፣ በእጅ ምልክት ይግባባሉ። እኔ ሁልጊዜ አብሬ አልሄድም ነበርና ምን ምን እንደተባባሉ አላውቅም።

ቡናው መጀመሪያ በቀላበት ዓመት ወይዘሮ ቡርጤ ሦስታችንንም ጠሩን፤ ጋሼ በየነን፣ ጓድ ታደለንና እኔን። ከቆጮ የሚሠራው ቡርሳሜ ቅቤው ላዩ ላይ እየተንሳፈፈ ሻፌታ በሚባለው የሸክላ ገበታ ቀረበ። ከመብላታችን በፊት ጋሼ በየነ ተነሱና፣ «ማርታ፣ ተርጉሚልኝ» አሉ። «ያን ጊዜ ይድናል ብዬ ዛፍዎን ያስቆረጥኩት እኔ ነኝ። ይቅርታዎን ሳልጠይቅ ይህን ምግብ መብላት አልችልም።»

ተረጎምኩ። ወይዘሮ ቡርጤ ጓድ ታደለን አዩ፣ እኔን አዩ፣ ከዚያ ወደ ጋሼ በየነ ዞሩ።

«ንገሪው» አሉኝ። «እዚህ ቤት ብዙ ሰው መጥቷል። ግብር የሚሰበስብ መጥቷል፣ መሬት የሚለካ መጥቷል፣ ማኅበር ግቡ የሚል መጥቷል፣ የሚረጭም መጥቷል። ሁሉም የሠራውን ሠርቶ ሄደ። ያበላሸውን ለማየት ተመልሶ የመጣ እሱ ብቻ ነው። ለዚህ ነው የጠራሁት። በል ብላ በዪው።»

ከፊሉን ብቻ ነው መተርጎም የቻልኩት። ጓድ ታደለ ናቸው፣ ከየት እንደተማሩት ባላወቅኩት ሲዳምኛ ተረድተው፣ የቀረውን በአማርኛ የነገሯቸው።

ጋሼ በየነ ኮፍያቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው ተቀመጡ። ወይዘሮ ቡርጤ የመጀመሪያውን ጉርሻ በገዛ እጃቸው አጎረሷቸው።